ፖስተሩ ላይ አንድ ስም ሦስት ጊዜ

ይድረስ ለጋዜጣው አዘጋጅ፣

ጤና ይስጥልኝ። እውነቱን ልናገርና እኔ ጋዜጣችሁን ገዝቼ አላነብም። አራት ኪሎ ከሚያከራየው ልጅ እወስዳለሁ፣ እዚያው ቁጭ ብዬ አነባለሁ፣ አጥፌ እመልሳለሁ። የጡረታ ነገር ነው፣ አይቀየሙኝ። ባለፈው ሳምንት ግን ገዛሁት። ወድጄው አይደለም። ተናድጄ ነው።

የኪነ ጥበብ ገጻችሁ ላይ የጻፈው ልጅ (ልጅ የምለው በዕድሜዬ ነው እንጂ ንቄው አይደለም) በአማርኛ ፊልም ፖስተሮች ቀልዷል። አንድ ስም ሦስት ጊዜ ይጻፋል ይላል። ድርሰት እገሌ፣ ዝግጅት እገሌ፣ ካሜራ እገሌ። በር ላይ ትኬት የሚቆርጠውም እሱ ሳይሆን አይቀርም ብሎ ጨምሯል። አልዋሽም፣ እዚህ ጋ ሳቅሁ። ወረድ ብሎ ግን ነገሩን ሁሉ ራስን መውደድ ነው ብሎ ደመደመው። ያኔ ሳቄ ጠፋ።

እኔ የእንደዚያ ዓይነቱ ስም እናት ነኝ። ትኬት ቆራጯም እኔ ነኝ።

ስሙን አልጽፍም። የኔንም አልጽፍም፣ የኔ ከታወቀ የሱም ይታወቃል። «እማዬ፣ ጋዜጣ ላይ እንዳትጽፊ» ብሎኛል። የ38 ዓመት ሰው ነው። ሁለት ሙሉ ፊልም ሠርቷል፣ አጫጭሮቹን አልቆጠርኩም። ፒያሳ አካባቢ ፖስተሩን አይታችሁት ይሆናል። ብዙ ቀን አልቆየም፣ በላዩ ላይ የሌላ ሰው ተለጠፈበት።

ከ1974 እስከ 2005 ዓ.ም. ፒያሳ ካሉት ሲኒማ ቤቶች በአንዱ ትኬት ስቆርጥ ኖሬያለሁ። ሥራውን ስይዝ እናቴ ሦስት ቀን አኮረፈችኝ። አዲስ አበባ ላይ መጀመሪያ የተከፈተውን ሲኒማ ቤት ሕዝቡ «የሰይጣን ቤት» ይለው ነበር፣ እሷም ከትልልቆቹ የሰማችው ያንን ነው። «ሰይጣን ቤት በር ላይ ልትቀመጪ ነው?» አለችኝ። የመጀመሪያ ደመወዜን ተቀብዬ ዘይትና ስኳር ይዤላት ስገባ ሰይጣኑን ረሳችው።

ቅዳሜና እሑድ ልጁን የማስቀምጥበት ስለሌለኝ ይዤው እሄድ ነበር። ማሽን ክፍል አስገብቼ ለኦፕሬተሩ አስረክበዋለሁ። ጋሼ ነበር የምንላቸው። ያኔ ፊልም ማለት በቆርቆሮ ሣጥን ተሸክመውት የሚመጣ ከባድ ዕቃ ነው። አንዱ ጥቅል ቢበዛ ሃያ ደቂቃ ይሄዳል። የሁለት ሰዓት ፊልም ስድስት ጥቅል ይሆናል። ማሽኑ ሁለት ነው፤ አንደኛው ሲጨርስ ሁለተኛው መነሳት አለበት። ጋሼ ትንሽ ከዘገዩ መጋረጃው ነጭ ይሆናል፣ አዳራሹ በፉጨት ይናጋል። ጥቅሉ ሊያልቅ ሲል ምስሉ ጥግ ላይ አንዲት ክብ ምልክት ብልጭ ትላለች። ተመልካች አያያትም። የልጄ ሥራ እሷን ጠብቆ «ጋሼ ደርሷል!» ብሎ መጮህ ነበር። የሰባት ዓመት ልጅ ነው። እስከ ዛሬ ፊልም ሲያይ ዓይኑ ወደ ጥግ ይሄዳል።

ጋሼ የተበጠሰ ቁራጭ ይሰጡታል። 24ቱ ፎቶ አንድ ሰከንድ ነው ብለው ያስተማሩትም እሳቸው ናቸው። እሱ ታዲያ ቁራጮቹን ሰፈር ወስዶ በባትሪ መብራት ግድግዳ ላይ እያሳየ ከልጆች አሥር አሥር ሳንቲም ሲሰበስብ ደረስኩበት። ትኬትም ቆርጦላቸዋል። ከኔ ጥራዝ የተገነጠለ፣ ቁጥር ያለው ትኬት! ገረፍኩት። አሁን ሳስበው የመጀመሪያ ፊልሙ ገቢ ያ ነበር። ከዚያ ወዲህ እንደዚያ ያተረፈበት ቀን ያለ አይመስለኝም።

በዚያች መስኮት በኩል ስንሸጥ የኖርነው የሰው አገር ፊልም ነው። የሕንድ፣ የአሜሪካ፣ በደርግ ጊዜ የሶቪየትም ነበር። የራሳችን በጣት የሚቆጠር ነው። «ሂሩት አባቷ ማነው?» የተሠራው በ1950ዎቹ፣ እኔ ልጅ ሳለሁ ነው። ከሱ በኋላ «ጉማ» አለ፣ ሌሎችም አሉ፣ ግን በመሃሉ ዓመታት ያልፋሉ። ምክንያቱ ቀላል ነው። ያ የቆርቆሮ ሣጥን ውድ ነው። ፊልሙ ከውጭ ይገዛል፣ ከተቀረጸም በኋላ ላቦራቶሪ ገብቶ መታጠብ አለበት። አንድ ሰው ከኪሱ የሚሠራው ነገር አልነበረም።

ከዚያ በ1990ዎቹ ቪዲዮ መጣ። በአንድ ጊዜ ሁሉም ነገር ተገለበጠ። የአማርኛ ፊልም ያለ ዕለት ሰልፉ ተጠማዝዞ የት እንደሚያልቅ ከመስኮቴ አይታየኝም ነበር። እጄ ያብጣል። ጋሼ ማሽናቸውን ጨርቅ አለበሱት፤ አዳራሹ ውስጥ ትንሽ የቪዲዮ ፕሮጀክተር ተሰቀለች። «ይቺ ናት እኔን የተካችው?» ብለው አንድ ቀን ቀና ብለው አዩዋት። ሌላ ምንም አልተናገሩም።

ልጄ 12ኛን ሲጨርስ ውጤት አልመጣለትም። ሰርግ የሚቀርጽ ስቱዲዮ መብራት ያዥ ሆኖ ገባ። ስድስት ዓመት ሙሉ ቅዳሜና እሑድ እቤት በልቶ አያውቅም፣ ሰርግ ቤት ነው የሚበላው። መብራት ከመያዝ ካሜራ ወደ መያዝ ከፍ አለ። ጽሑፉን የጻፈው ልጅ ይህን ትምህርት ቤት ይናቀው እንደሆነ አላውቅም። እኔ አልንቀውም። ሰርግ ላይ «ቀለበቱን አውጡና እንደገና አጥልቁ» አይባልም። ካመለጠህ አመለጠህ። የሙሽራዋ እናት በየትኛው ዘፈን ላይ እንደምታለቅስ አስቀድሞ ያውቅ ነበር፤ ካሜራውን ይዞ አጠገቧ ይቆማል። «እንዴት ታውቃለህ?» ስለው «እጇን ነው የማየው፣ መጀመሪያ ነጠላዋን ትይዛለች» አለኝ። ይህን ካነበብኩ በኋላ እኔም ሰርግ ላይ የሰው እጅ ማየት ጀመርኩ።

«ካነበብኩ» ያልኩት ደብተሩ ላይ ስለጻፈው ነው። ያኔ መጻፍ ጀምሮ ነበር።

ካሜራው የመጣበት ታሪክም አለ። እ.ኤ.አ. በ2008 ካኖን ፎቶ የሚያነሳ፣ ቪዲዮም የሚቀርጽ ካሜራ አወጣ። እኛ አገር ሲገባ ልጆቹ አበዱ። ከሰውየው ኋላ ያለውን ነገር አደብዝዞ ፊቱን ብቻ ያወጣል፣ እንደ ትልቁ ፊልም። ድምፁ ግን አይረባም፣ ደግሞም አሥራ ሁለት ደቂቃ ሲሞላው ራሱ ይቆማል። «የኛ ጥቅል ሃያ ደቂቃ ይሄድ ነበር፣ ይሄ ምኑ ነው መሻሻሉ?» ብዬ ቀልጄበታለሁ። አልሳቀልኝም። ብድር ገብቶ የገዛው ከሌላ ሰው እጅ ነው፣ ሌንሱ ጠርዙ ላይ ተጭሯል። ያንን ጭረት ሁለቱም ፊልሞች ላይ አውቀዋለሁ፣ ፀሐይ ፊት ለፊት ሲመጣ ይታያል።

አሁን ስሙ ሦስት ጊዜ እንዴት እንደተጻፈ ልንገርዎት። በአንድ ቀን አልተጻፈም።

የመጀመሪያው ስም ዝግጅት ነው። እሱን የፈለገው ራሱ ነው፣ በዚህ አልከራከርም። ሁለተኛው ድርሰት ነው። አንድ ደራሲ አናግሮ ነበር፤ ሰውየው ግማሹን ክፍያ በቅድሚያ ጠየቀ። ልክ ነው፣ ደራሲም ይበላል። ልጄ ጋ ግማሹ ቀርቶ ሩቡም የለም። ራሱ ጻፈው፣ የኔ አልጋ ጠርዝ ላይ ቁጭ ብሎ፣ አንድ ክረምት ሙሉ። ሦስተኛው ካሜራ ነው። ካሜራማን ነበረው። ገንዘብ አወጣለሁ ያለ አንድ ሰውም ነበረው። ቀረጻ በተጀመረ በሁለተኛው ሳምንት ባለ ገንዘቡ ስልኩን ዘጋ። ካሜራማኑ አራት ቀን በነጻ ሠራ፣ በአምስተኛው የሚከፍል የማስታወቂያ ሥራ መጣለት። ይቅርታ ጠይቆ፣ አቅፎት ሄደ። እሱም ልጆች አሉት። ሦስተኛው ስም የተጻፈው ያን ዕለት ከሰዓት ነው። ለጸሐፊያችሁ ይህን ንገሩልኝ።

ያኔ የምንኖረው ፒያሳ፣ ዶሮ ማነቂያ ሰፈር ነበር። ቀረጻው የኛው ቤት ውስጥ ነው፣ ቤት ኪራይ ስለሌለው። ዕቁብ ወጥቶልኝ ነበር፣ እሱም ገባበት። ሰው አሥራ አራት ነው፣ ምሳ ሽሮ ነው። ክፍያ ያልተከፈለው ሰው ምሳ ካልበላ ነገ አይመጣም፤ ይህን ሕግ ትኬት ቤት ሳይሆን ኩሽና ነው የተማርኩት። የጎረቤት ልጅ መኪና ውስጥ ለፀሐይ የሚጋረደውን ብርማ ነገር ይዞ ብርሃን ወደ ተዋናዩ ፊት ይመልሳል። ሌላው ማይክራፎን መጥረጊያ እንጨት ላይ አስሮ ይቆማል። መብራት ይጠፋል። መብራት ሲመጣ የጎረቤት አውራ ዶሮ ይጮሃል። ዶሮውን በሁለተኛው ሳምንት ገዝተን አረድነው። ከመጠበቅ እሱ ይረክሳል።

አንድ ትዕይንት አለ፣ አባትየው እራት ሲበላ ልጁ መጥቶ የሚጣላበት። ዘጠኝ ጊዜ ተቀረጸ። ዘጠኝ ጊዜ ሲቀረጽ ሳህኑ ላይ ያለው ሽሮ ዘጠኝ ጊዜ እኩል መሆን አለበት፣ እንጀራውም እዚያው ቦታ ላይ የተቆረሰ። አለዚያ በኋላ ሲገጣጠም ሽሮው ያንሳል፣ ይጨምራል፣ ያንሳል። ይህን ልጄ አላሰበውም። ጽሑፉንም ብርሃኑንም ተዋናዩንም እያሰበ ነበራ! ያሰብኩት እኔ ነኝ። በጭልፋ ለክቼ ከሳህኑ አበባ ምልክት ድረስ ሞላሁ፣ እንጀራውን በአውራ ጣቴ ለካሁ። በትልልቁ ፊልም ይህን ብቻ የሚጠብቅ ባለሙያ በደመወዝ ይቀመጣል አሉኝ። የኔ ስም ፖስተሩ ላይ የለም። መጨረሻ ላይ ምስጋና በሚለው ውስጥ «እማዬ» ይላል። «እማዬ» ስም ነው እንዴ?

ስለ ፈቃድ ደብዳቤ አልነግርዎትም፣ ያደክመኛል። መንገድ ላይ ለመቅረጽ አንድ ቢሮ ከሌላ ቢሮ ጋር ሲያጻጽፈው ክረምቱ ገባ።

ስለ ማሳያውም አጭር ልበል። አንድ አዳራሽ ማክሰኞ ጠዋት አራት ሰዓት ሰጠው። ማክሰኞ ጠዋት ማን ፊልም ያያል? ሥራ ያለው ሥራ ላይ ነው። ሥራ የሌለው የትኬት የለውም። እኔ በ31 ዓመት ሥራዬ ማክሰኞ ጠዋት የቆረጥኩትን ትኬት ልነግርዎት እችላለሁ፣ በአብዛኛው ብርድ የሸሸ ሰው ነው።

እስካሁን ልጄን ስከላከል ቆየሁ። አሁን ደግሞ ጸሐፊያችሁ ልክ የሆነበት ቦታ አለ፣ እሱን ካልተናገርኩ ሐሰተኛ እሆናለሁ።

የፊልሙ ምረቃ ዕለት ወንበር ሰጡኝ፣ አልተቀመጥኩም። የለመድኩት በር ነው። በሩ ጋ ቆሜ ተመልካቹን አየሁ። በኛ ጊዜ ሰው ሲሰለቸው ያፏጫል፣ አሁን ስልኩን ያበራል። ፊልሙ ከተጀመረ አንድ ሰዓት ከአሥር ደቂቃ እስኪሆን ድረስ አዳራሹ ጨለማ ነበር፣ ደስ የሚል ጨለማ። ከዚያ ዋናው ተዋናይ ከዶሮ ማነቂያ ተነስቶ እስከ ራስ መኮንን ድልድይ በእግሩ ይሄዳል። ስድስት ደቂቃ ይሄዳል። አንድ ስልክ በራ። ሦስት በራ። ድልድዩ ጋ ሲደርስ አዳራሹ የጥምቀት ዋዜማ መሰለ።

ማታ «ያንን መንገድ ቁረጠው» አልኩት። «እማዬ፣ ያንን ብርሃን ለማግኘት ሦስት ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ተነስቻለሁ» አለኝ። በቃ፣ መልሱ ይሄ ነው። ፊልሙ ይፈልገዋል አላለኝም። ደክሜበታለሁ ነው ያለኝ። ውስጡ ያለው ካሜራማን ለፍቷል፣ ውስጡ ያለው አዘጋጅ አዘነለት፣ ደራሲውም መንገዱን የጻፈው እሱ ስለሆነ ዝም አለ። ሦስቱም አንድ ሰው ናቸው። ማን ማንን ይቆጣ?

እርስዎም አዘጋጅ ነዎት፣ ልጄም አዘጋጅ ነው። ግን እርስዎ ጋ ጽሑፉን ሌላ ይጽፈዋል፣ ፎቶውን ሌላ ያነሳዋል፣ እርስዎ ለማንም ድካም ሳያዝኑ ይቆርጡታል። ልጄ ያጣው ይሄንን ነው። ጸሐፊያችሁ «ራሱን ወዶ» ያለውን እኔ «ብቻውን ሆኖ» እለዋለሁ። ስህተቱን ግን አይቶታል፣ ይህን አልክድም። ፊልሙ ይረዝማል።

በዚህ ነገር እቤት ሁልጊዜ እንከራከራለን። እኔ የምጠራው ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን ነው። እሳቸውም ይጽፋሉ፣ ያዘጋጃሉ፣ ገንዘቡንም ራሳቸው ይፈልጋሉ፣ አንዳንዱን ራሳቸው ኤዲት ያደርጋሉ። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን የቀረጹት እዚህ አገር መጥተው፣ በአብዮቱ ዓመት፣ በሁለት ሳምንት ነው። «ሳንኮፋ»ን የሚያከፋፍል ድርጅት አሜሪካ ላይ ሲያጡ ከባለቤታቸው ጋር አዳራሽ እየተከራዩ ራሳቸው አሳዩት፤ ዋሽንግተን ላይ ለሳምንታት ሰው ጎረፈ። ትኬት ሸጡ ማለት ነው። ይህን ከሰማሁ ጀምሮ የሥራ ባልደረባዬ አድርጌያቸዋለሁ። «ጤዛ» የሚለው ፊልማቸው እ.ኤ.አ. በ2008 ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ሲሸለም አንዱ ሽልማት ለጽሑፉ ነበር፣ በዓመቱ ደግሞ ዋጋዱጉ፣ የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቁን ሽልማት ወሰደ። ይሄን ሁሉ የሚሠሩ ሰው ግን ካሜራውን ለሌላ ይሰጣሉ። የ«ምርት»ን ሌላ ሰው ነው የቀረጸው፣ የ«ጤዛ»ንም ሌላ። «አየህ?» እለዋለሁ። «እሳቸው እንኳ።»

እሱ ደግሞ ጄሲካ በሽርን ያመጣብኛል። ሐረር ያደገች ልጅ ናት፣ በደርግ ጊዜ ቤተሰቡ ወደ ሜክሲኮ ሄደ። ተመልሳ መጥታ «ፋያ ዳዪ» የሚል ፊልም ሠራች፣ ስለ ጫትና ስለ ሐረር ሰው። አዘጋጇ እሷ፣ ካሜራዋ እሷ። ወደ አሥር ዓመት እየተመላለሰች ነው የቀረጸችው። እ.ኤ.አ. በ2021 አሜሪካ፣ ሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ታየ፣ ኦስካር ለዘጋቢ ፊልም ዕጩዎቹን ከመምረጡ በፊት በለያቸው 15 ፊልሞች ዝርዝር ውስጥም ገባ። ልጄ ላፕቶፕ ላይ አሳየኝ። ጥቁርና ነጭ ነው። ሁለት ጊዜ አንቀላፋሁ፣ ምን ልደብቅ። ግን ሦስት ቀን ሙሉ ጫት የሚያስሩት እጆች ከፊቴ አልጠፉም። «እሷ የካሜራ ኪራይ አጥታ መሰለሽ ራሷ የያዘችው? ሌላ ሰው ቢኖር ሰዎቹ እንደዚያ አያወሯትም» አለኝ። ይህ እውነት ይመስለኛል። አያቷ ቤት እንደገባች የልጅ ልጅ ሆና ነው የምታየው። የሙሽራዋን እናት ነጠላ ከሚጠብቀው ልጅም ጋር ይመሳሰላል።

ስለዚህ ሁለት ዓይነት አለ እላለሁ። መርጦ ብቻውን የሚሠራ አለ፣ ሰው አጥቶ ብቻውን የሚሠራ አለ። ፖስተር ላይ ሁለቱም አንድ ይመስላሉ። ጋዜጠኛ ከፖስተሩ አልፎ ስልክ ደውሎ ቢጠይቅ ይለያቸዋል። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፊልምን በማስተርስ ማስተማር ከጀመረ ቆይቷል፣ የፊልም ፖሊሲም በ2010 ጸድቋል፣ በጉማ የፊልም ሽልማት ለጽሑፍ ለብቻ፣ ለካሜራ ለብቻ፣ ለዝግጅት ለብቻ ይሸለማል። ሥራው ሦስት መሆኑን ሁሉም ያውቃል። ለሦስት ሰው የሚከፍል ነው የጠፋው።

አንድ ነገር ልጨምርና ላብቃ። በ2016 ዶሮ ማነቂያ ፈረሰ። ጎረቤቶቼ ተበታተኑ፣ እኔ አሁን ከሴት ልጄ ጋር ግንፍሌ ኮንዶሚኒየም ነኝ። ባለፈው ፋሲካ ከድሮ ጎረቤቶቼ አምስቱ መጡ። ልጄን «ያንን ፊልምህን አሳየን» አሉት። ታሪኩን ፈልገው አይደለም። መጀመሪያ ሲታይ ስልክ ካበሩት መካከል ናቸው። ያንን መንገድ፣ ስድስት ደቂቃውን ነው ያሉት። ሰውየው መሄድ ሲጀምር ሁሉም ወደ ላፕቶፑ ተጠጉ። «የኛ በር!» «ቧንቧው!» «ያቺ ሱቅ!» ተዋናዩን የሚያየው የለም። አንዷ ግን ድንገት «አቁምልኝ» አለች። ባሏ በር ላይ በርጩማ ላይ ቁጭ ብሎ ፀሐይ ይሞቃል። እየተቀረጸ መሆኑን እንኳ አላወቀም። ካረፈ አራት ዓመቱ ነው። ልጄ አቆመላት። ቡናው እስኪበርድ ድረስ አላስነሳነውም።

ቁረጠው ያልኩት ያንን ነው እንግዲህ። አሁንም ቢሆን ለፊልሙ ይረዝማል እላለሁ። ግን ካሁን በኋላ ቁረጠው አልለውም።

ሦስተኛ ፊልሙን ጀምሯል። በዚህኛው ጽሑፉን አንዲት ልጅ ናት የምትጽፍለት። ማታ ማታ በስልክ ሲጣሉ እሰማለሁ። ከሷ ጋር ተጣልቶ ሲገባ ፊቱ ይጠቁራል፣ እራት አይበላም። እኔ ደስ ይለኛል። ባለፈው ሐሙስ ራሱ አሥራ አምስት ቀን ለፍቶ የጻፈውን ትዕይንት «ይውጣ» አለችው። ወጣ።

ደብዳቤዬ ረዝሟል፣ ይታወቀኛል። እኔም 31 ዓመት ቆራጭ ነበርኩ፣ ቢቆርጡት አልቀየምም። ስለ ሽሮው የጻፍኩትን ግን አይንኩብኝ።

የቀድሞ ትኬት ቆራጭ
ግንፍሌ፣ አዲስ አበባ